የእውነተኛ ኮከብ መለኪያ በቅርጫት ኳስ ጨዋታ

ስለ ቅርጫት ኳስ ተጫዋቾች ክርክር በተነሣ ቁጥር ሰው ሁሉ አስቀድሞ የሚጠቅሰው የነጥብ ብዛት ነው። ብዙ ያገባው ኮከብ፣ ጥቂት ያገባው ረዳት ይባላል። እኛ ግን ይህ መለኪያ ጎደሎ መሆኑን በዚህ አጭር ጽሑፍ ለማሳየት እንሞክራለን። ለምስክርነትም በአሜሪካ በአንድ ዘመን የተጫወቱትን ዊልት ቻምበርሊንንና ቢል ራስልን እንጠራለን። ዓመተ ምሕረቱ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ነው።

በ1962 በማርች ወር ቻምበርሊን ለፊላዴልፊያ ዋሪየርስ ተሰልፎ በኒው ዮርክ ቡድን ላይ ብቻውን 100 ነጥብ አገባ። በዚያ የውድድር ዓመት በየጨዋታው በአማካይ ያገባው 50.4 ነጥብ ሲሆን፣ የቦስተኑ ራስል ያገባው 18.9 ብቻ ነበር። ይሁን እንጂ የዓመቱን ምርጥ ተጫዋች ይመርጡ ዘንድ ድምፅ የሰጡት ተጫዋቾች ራሳቸው የመረጡት ራስልን ነው። ሁለቱንም ፊት ለፊት የገጠሙት ሰዎች ከቁጥሩ ሌላ ያዩት ነገር ነበር ማለት ነው።

ያዩትስ ምን ነበር? ረጃጅም ተጫዋቾች ወደ ቅርጫቱ የተወረወረውን ኳስ ሲያግዱ ብዙ ጊዜ በኃይል መትተው ከሜዳ ያስወጡታል፤ ኳሱም ለተቃራኒው ቡድን ይመለሳል። ራስል ግን ነካ አድርጎ ወደ ባልንጀራው መምራትን ያውቅ ነበር፤ መከላከሉ ወዲያው ማጥቃት ይሆናል። የታገዱ ውርወራዎች በይፋ መመዝገብ የጀመሩት እርሱ ጨዋታ ከተወ በኋላ፣ በ1973 ስለ ሆነ፣ ይህ ትልቅ ሥራው በመዝገብ አይገኝም።

ተቃዋሚ ምናልባት፣ «ራስልን ታላቅ ያደረጉት ባልንጀሮቹ ናቸው» ይለን ይሆናል። ክርክሩ በቀላሉ የሚጣል አይደለም፤ ቦብ ኩዚ፣ ቢል ሻርማን፣ ሳም ጆንስ፣ አሠልጣኙም ሬድ አወርባክ ስመ ጥር ነበሩና። ነገር ግን ኩዚና ሻርማን ከ1951 ጀምሮ አብረው ሲጫወቱ ራስል እስኪመጣ ድረስ ቦስተን አንድም ጊዜ ሻምፒዮን አልሆነም። ራስል በ1956 ከገባ በኋላ ግን በ13 የውድድር ዓመታት 11 ጊዜ ድሉን ወሰደ፤ የመጨረሻዎቹን ሁለቱን ራስል ተጫዋችም አሠልጣኝም ሆኖ ነው ያስገኘው። በ1969 እርሱና ሳም ጆንስ ሲሰናበቱ ቡድኑ በተከታዩ ዓመት 34 ጊዜ አሸንፎ 48 ጊዜ ተሸነፈ።

ከሁሉ የሚበልጠው ምስክር ግን ቻምበርሊን ራሱ ነው። በ1966–67 በፊላዴልፊያ ሰቨንቲሲክሰርስ ሳለ ነጥቡ በአማካይ ወደ 24.1 ዝቅ ሲል፣ ለባልንጀሮቹ ኳስ ማቀበሉ በረከተ። ቡድኑም ከ81 ጨዋታ 68ቱን አሸነፈ፤ የራስልንም ቦስተን ጥሎ ሻምፒዮን ሆነ። «ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ» የተባለው ለዚህ ይመስላል።

እንግዲህ እውነተኛ ኮከብ የምንለው፣ እርሱ በመኖሩ አብረውት የተሰለፉት አራቱ ያለ እርሱ ሊሠሩት የማይችሉትን እንዲሠሩ የሚያደርገውን ነው። ነጥብ አይቈጠር አላልንም፤ የ100 ነጥቡንም ታላቅነት አንክድም። ነገር ግን ተመልካች ያጨበጨበለትን ወጣቱ ተጫዋች ይማረዋል። የተቈጠረውን ብቻ ስናከብር፣ ኳስ ማቀበልን ሳይሆን ይዞ መቅረትን እያስተማርን መሆናችንን እናስብበት።