የሰባት ዓመቱ ቁጥርና የልጁ መስለሃ፦ በሐዷና ክርክር አያያዝ ላይ የቀረበ ሂስ

ባልና ሚስት ሲፋቱ «ልጁ ከማን ጋር ይኑር?» የሚለው ክርክር ሸሪዓ ፍርድ ቤት ከመድረሱ በፊት ብዙ ጊዜ በኢማሞችና በኡስታዞች እጅ ያልፋል። በዚህ ሽምግልና ላይ የሚሰማው መልስ አንድ ቁጥር ይሆናል፦ «ሰባት ዓመት ሞልቶታል፤ ይምረጥ»፤ አለዚያም «ለአባቱ ይሰጥ»። አባባሉ የፊቅህ ልብስ ቢለብስም የፊቅህን ጥንቃቄ ይዟል ብለን ለመቀበል እንቸገራለን።

በመጀመሪያ፣ በቁጥሩ ላይ ኢጅማዕ የለም። በሐነፊዮች ዘንድ ወንዱ ልጅ ሰባት ዓመት ሲሞላው ያለ ምርጫ ወደ አባቱ ይሄዳል። ማሊኪዮች ወንዱን እስከ ጉርምስና፣ ሴቷን እስክትዳር ድረስ ከእናት ጋር ያቆያሉ። ምርጫው የሻፊዒዮች፣ በወንድ ልጅ ደግሞ የሐንበሊዮች ነው። ስለዚህ ከላይ የጠቀስናቸው ሁለት መልሶች ከተለያዩ መዝሀቦች የተቀነጨቡ ናቸው፤ ለአቤቱታ አቅራቢው በተመቸው መንገድ ሊቀላቀሉ አይገባም።

ሁለተኛ፣ በአገራችን በሰፊው የሚቀራው የኢማሙ ነወዊ ሚንሃጅ ምርጫውን የሰጠው ለሙመዪዝ፣ ማለትም ለሚለይ ልጅ ነው። ሻሪሖቹ ሰባት ወይም ስምንት ዓመትን የሚጠቅሱት ተምዪዝ ብዙውን ጊዜ በዚያ ዕድሜ ስለሚገኝ እንጂ ዕድሜው ራሱ መለኪያ ስለሆነ አይደለም። ምርጫውም ሁለቱም ወላጆች ብቁ ሲሆኑ ብቻ ነው። እናቱን የመረጠ ወንድ ልጅ ሌሊቱን ከእርሷ፣ ቀኑን ከአባቱ ጋር ሆኖ ይማራል፤ አባቱን የመረጠም እናቱን ከመጠየቅ አይከለከልም። ጉድለቱ እንግዲህ የኪታቡ ሳይሆን፣ ከምዕራፉ ቁጥሩን ብቻ ነጥቆ የሚሮጠው አቀራር ነው።

ኢብኑል ቀይዪም በዛዱል መዓድ ከመምህራቸው ከኢብን ተይሚያ የሰሙትን አንድ ክርክር ያወሳሉ። ልጁ አባቱን መረጠ፤ እናቱ ግን ምክንያቱ እንዲጠየቅ ቃዲውን ለመነች። ልጁ ሲጠየቅ እናቱ በየቀኑ ወደ ቁርኣን ቤት እንደምትልከውና መምህሩ እንደሚመታው፣ አባቱ ግን ከልጆች ጋር እንዲጫወት እንደሚተወው ተናገረ። ቃዲውም ለእናት ፈረደ። የልጁ ቃል ተሰምቷል፤ ፍርዱን የወሰነው ግን መስለሃው ነው።

የአገሪቱ ሕግም ወደዚሁ አቅጣጫ ተጉዟል። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ከባድ ምክንያት ከሌለ ልጁ እስከ 5 ዓመት ከእናቱ ጋር እንዲቆይ ደንግጎ ነበር። የ1992ቱ የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ በዚህ ፈንታ የወላጆችን ገቢ፣ ዕድሜ፣ ጤንነትና አኗኗር፣ የልጆቹንም ዕድሜና ጥቅም እንዲመዘን አዟል። የሰበር ሰሚው ችሎትም በመዝገብ ቁጥር 23632 ወላጅነት ብቻውን የልጁን ደህንነት እንደማይቀድም በ2000 ዓ.ም. ወስኗል።

ስለዚህ መምህራን የሐዷናን ምዕራፍ ከነመስፈርቶቹ እንዲያስቀሩ፣ ኢማሞችም ዕድሜን ከመጠየቃቸው በፊት «ማን ያስተምረዋል? ከእህት ወንድሞቹ ይለየዋል? ለምን መረጠ?» ብለው እንዲጠይቁ እናሳስባለን። ነፈቃው በአባት ላይ ግዴታ ሆኖ እንደሚቀጥልም በግልጽ ይነገር። ልጁ አማና እንጂ በፍቺ የሚከፈል ንብረት አይደለም። ወላሁ አዕለም።