ስለ ሙታን አቈጣጠር፤ የካቲት 12 እና ናንጂንግ

ጦርነትን የሚተርኩ መጻሕፍት ሁሉ በአንድ ስፍራ ላይ ቁጥር ይጽፋሉ። ጸሐፊው ስለ ጦር አሰላለፍ፥ ስለ መሣሪያና ስለ ጄኔራሎች አሳብ ብዙ ገጽ ከሞላ በኋላ «ይህን ያህል ሺህ ሰው አለቀ» ብሎ በአንድ መስመር ያልፋል። እኛ በዚህ ጽሑፍ ልንመረምር ያሰብነው ያን አንድ መስመር ነው። ቁጥሩን ማን ቈጠረው? የተቈጠረውስ ለማን ተብሎ ነው? ለምርመራችን የመረጥነው ከደጃችን ያለውን፥ በየካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም በአዲስ አበባ የተፈጸመውን ፍጅት ነው። ከርሱም አጠገብ ለማነጻጸሪያ የቻይናንና የጃፓንን ጦርነት አቁመናል።

አንባቢ «አዲስ አበባን ከናንጂንግ ምን አገናኛት?» ቢል መልሱ ሩቅ አይደለም። ናንጂንግ በጃፓን ጦር እጅ የወደቀችው በታኅሣሥ 4 ቀን 1930 ዓ.ም ነው፤ ከየካቲት 12 ወዲህ አሥር ወር እንኳ አልሞላም ነበር። በሁለቱም ከተሞች የሞተው በጦር ሜዳ የተሰለፈ ወታደር ብቻ ሳይሆን በቤቱና በመንገድ ላይ የተገኘ ሰው ነው። ሌላም ነገር አለ። ከወረራው በፊት የነበሩት የኢትዮጵያ ምሁራን ጃፓንን እንደ አርአያ ይመለከቱ ነበር፤ የ1923 ዓ.ም ሕገ መንግሥትም የጃፓንን ሕገ መንግሥት ተከትሎ የተጻፈ ነው። ዳሩ ግን ጃፓን በ1929 ዓ.ም ኅዳር ወር የኢጣልያን ገዥነት ዐወቀች፤ ቻይና ግን ካላወቁት ጥቂት መንግሥታት መካከል ትቈጠራለች። የወደድነው ሲከዳን ያላሰብነው እንደ ቆመልን ማስታወስ ለታሪክ ተማሪ አይጐዳም።

የዕለቱን ታሪክ አንባብያን ስለሚያውቁት አናስረዝመውም። የኢጣልያ ልዑል በመወለዱ ምክንያት በገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት ለድኾችና ለአካለ ስንኩላን ምጽዋት ሲታደል፥ አብርሃ ደቦጭና ሞገስ አስገዶም በግራዚያኒ ላይ ቦምብ ወረወሩ። ግራዚያኒ ቈስሎ ተረፈ። ወታደሮቹ በመጀመሪያ የተኰሱት በግቢው ውስጥ ምጽዋት ሊቀበል በተሰበሰበው ሕዝብ ላይ ነው። ከዚያም የፋሽስት ፓርቲው ሹም ግዊዶ ኮርቴሴ ለጥቁር ሸሚዞቹ ልቅ ፈቃድ ሰጥቶ፥ ሦስት ቀን ሙሉ ከተማዋ በጥይት፥ በጩቤ፥ በዱላና በእሳት ተመታች። የሣር ክዳን ቤቶች ሰው በውስጣቸው እንዳለ በቤንዚን ተቃጠሉ። በአራዳ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያንም እሳት ተለቀቀበት።

አሁን ወደ ቁጥሩ እንመለስ። የኢትዮጵያ መንግሥት በ1938 ዓ.ም ለአሸናፊዎቹ መንግሥታት ባቀረበው ማስታወሻ፥ በጦርነቱና በወረራው ዘመን የሞተውን ሰው 760,300 ብሎ ዘርዝሯል። በጦር ሜዳ 275,000፤ በወረራው ዘመን የሞቱ ዐርበኞች 78,500፤ በአየር ድብደባ ያለቁ ሴቶች፥ ሕፃናትና ሌሎችም 17,800፤ በየካቲቱ ፍጅት 30,000፤ በችሎት ተፈርዶባቸው የተገደሉ 24,000፤ በእስር ካምፕ የሞቱ 35,000፤ መንደራቸው በመጥፋቱ በችግር ያለቁ 300,000።

ይህን ዝርዝር እንደ አንድ ድርሰት ብናነበው ብዙ ነገር ይነግረናል። በመጀመሪያ፥ የተጻፈው ለሟች ዘመዶች ሳይሆን ለካሣ ተከራካሪዎች ነው። በአንድ ወገን 525,000 ቤቶችና 2,000 አብያተ ክርስቲያናት፥ በሌላ ወገን ሰዎች፤ ሁሉም ወደ ገንዘብ እንዲለወጥ ተሰልፈዋል። የተጠየቀው ካሣ ከ184 ሚሊዮን ፓውንድ በላይ ነበር፤ በ1939 ዓ.ም የተፈረመው የሰላም ውል የወሰነው 25 ሚሊዮን ዶላር ነው። ገንዘቡ ለሰው ብቻ የተወሰነ ቢሆን ኖሮ ለእያንዳንዱ ሟች 33 ዶላር ያህል ይደርሰው ነበር። ይህን ስሌት የሠራነው ለፌዝ አይደለም፤ ዝርዝሩ ራሱ እንዲህ ያለውን ስሌት የሚጋብዝ ስለ ሆነ ነው። ከዚህም ላይ በኋላ በተደረገ ስምምነት የተከፈለው ገንዘብ የቆቃን ግድብ ሠራ። መብራቱን ሁላችንም አይተናል፤ የሞቱትን ሰዎች ስም ግን አላየንም።

ሁለተኛ፥ ከሰባቱ ቁጥሮች ትልቁ የመጨረሻው ነው፤ ጥይትም እሳትም ያልነካቸው 300,000። ማስታወሻውን ያዘጋጁት ሰዎች ከብቱ የታረደበት፥ ማሳው የተቃጠለበት ገበሬ በረኃብና በበሽታ ሲሞት ጦርነቱ እንደ ገደለው መቍጠራቸው በኛ አስተያየት ትክክል ነው። ችግሩ እዚያው ላይ ነው፤ እንዲህ ያለው ሞት በመዝገብ ስለማይያዝ ቁጥሩ ከግምት ሊያልፍ አይችልም። በቻይናም ይኸው ጥያቄ ተነሥቷል። በሰኔ 1930 ዓ.ም የጃፓንን ጦር ለማገድ ሲል የቻይና ጦር ራሱ የቢጫ ወንዝን ግድብ አፍርሶ በመቶ ሺህ የሚቈጠሩ ገበሬዎች በጎርፍ፥ በረኃብና በበሽታ አልቀዋል። እነዚህ በማን ሂሳብ ይጻፋሉ? የቻይና መንግሥት የሚጠቅሰው 35 ሚሊዮን የሚያህል ቁጥር ሟችንና ቍስለኛን በአንድነት የያዘ ስለ ሆነ፥ ይህን ሳይለዩ የሚጠቅሱ ጸሐፊዎች አንባቢን ያሳስታሉ። የኛም ሰዎች 760,300 የሚለውን ጠቅላላ ድምር ብቻ እየጠቀሱ ዝርዝሩን ሲተዉት፥ ዐርበኛውና በረኃብ የሞተው ሕፃን ተደባልቀው ሁለቱም ይጠፋሉ።

ስለ የካቲቱ ፍጅት ብቻ ስንናገር፥ የኢጣልያ ሹማምንት በጊዜው ለሮማ ያሳወቁት እጅግ ያነሰ ነበር። ከዚያ ወዲህ ነገሩን በትጋት የመረመረው ኢያን ካምቤል ነው። በ2009 ዓ.ም በእንግሊዝኛ ባሳተመው መጽሐፍ የዐይን ምስክሮችን ቃል፥ የውጭ አገር ዲፕሎማቶችን ጽሑፍና ወታደሮቹ ራሳቸው ያነሡትን ፎቶግራፍ ሰብስቦ፥ የሟቾቹን ቁጥር ወደ 19,000 ገምቶታል። አንዳንድ ሰዎች በዚህ ሲቈጡ ሰምተናል፤ «ሠላሳ ሺውን ቀነሰብን» ይላሉ። ቍጣው ከፍቅር የመጣ ቢሆንም ምክንያቱ አይታየንም። በካምቤል ስሌት የሞተው ከከተማዋ ነዋሪ ከአምስቱ አንዱ ያህል ነው። በአንድ ግቢ አምስት ሰው ካለ አንዱን ማንሣት ነው። 30,000 የሚለው ቁጥር ለጆሮ የለመደ ስለ ሆነ እንዲህ አድርጎ አያስደነግጥም። ደግሞም ካምቤል የደረሰበትን መንገድ ስለሚያሳይ፥ ስሕተት ቢኖርበት ሌላው ሊያርመው ይችላል፤ የማስታወሻው 30,000 ግን ይህን ዕድል አይሰጥም።

ይሁን እንጂ በካምቤል ሥራ ላይ እኛም የምንለው አለን። መጽሐፉ ገዳዮቹን ከተገዳዮቹ ይበልጥ ያውቃቸዋል። ይህ የጸሐፊው ጥፋት ብቻ አይደለም፤ የጽሑፍ ምንጭ የሚገኘው በብዛት ከገዳዩ ወገን ነው፤ ከተገዳዩ ወገን የቀረው አብዛኛው በቃል ነው። በዚያን ቀን ምጽዋት ሊቀበል የመጣ ዐይነ ስውር ስሙ በየትኛው መዝገብ ይገኛል? ከገጠር የመጣ የቀን ሠራተኛስ? በ1943 ዓ.ም ወደ ኮሪያ የዘመተው የቃኘው ሻለቃ ከ120 በላይ ጀግኖች ሲወድቁበት ስማቸው ሁሉ ታውቋል፤ ምክንያቱም ሲሄዱ ተቈጥረው ነው የሄዱት። የአዲስ አበባ ድኻ ግን ከመሞቱ በፊትም የቈጠረው አልነበረም።

በአገራችን ልማድ ሟችን ያለ ስም መቅበር አስቸጋሪ ነገር ነው። ፍትሐት የሚደረሰው በክርስትና ስም ነው፤ ተዝካር የሚወጣው ለእገሌ ተብሎ ነው። ሰው በሩቅ አገር ቢሞት እንኳ መርዶ ይነገራል፥ ዘመድ ተሰብስቦ ያለቅሳል፥ እርሙን ያወጣል። እንግዲህ በቤቱ ውስጥ ከነቤተሰቡ የተቃጠለ ሰው መርዶውን ማን ይናገርለት? እርሙንስ ማን ያውጣ? የካቲት 12 ቁጥር ብቻ ሆኖ የቀረበት አንዱ ምክንያት ይህ ይመስለናል፤ ብዙ ቤት ኀዘንተኛውም ከሟቹ ጋር ጠፋ።

በሥነ ጽሑፋችንም በኩል ብንመለከት ያው ነው። በሐምሌ 1928 ዓ.ም በጥይት የተገደሉት አቡነ ጴጥሮስ ሐውልት ቆሞላቸዋል፤ መኰንን እንዳልካቸው «የደም ድምፅ»ን፥ ጸጋዬ ገብረ መድኅን «ጴጥሮስ ያቺን ሰዓት»ን ጽፈውላቸዋል። ይገባቸዋል። ነገር ግን ተውኔት አንድ ሰው መርጦ ከፍ ያደርጋል እንጂ ሕዝብን በሙሉ ወደ መድረክ ሊያወጣ አይችልም። ሕዝቡን ለማየት ወደ ተመስገን ገብሬ «ሕይወቴ» መሄድ ግድ ነው። ደራሲው ፍጅቱን በዐይኑ ያየ ሰው ሲሆን፥ መጽሐፉ የታተመው ግን ከሞተ ከብዙ ዓመት በኋላ ነው፤ አንድ ትውልድ ሙሉ ሳያነበው አለፈ።

ይልቁንም የሚያስገርመን የአራዳ ነገር ነው። ከወረራው በፊት የከተማዋ ትልቅ ገበያ በጊዮርጊስ አጠገብ ነበረ። ጣልያኖች የአገሬውን ሰው ገበያ ወደ ምዕራብ አዛውረው መርካቶ አሉት፥ አራዳንም ፒያሳ አሰኙት፤ እኛም ሁለቱንም ስሞች ያለ ቅሬታ ወርሰን ይኸው ዛሬም እንጠራባቸዋለን። ከነጻነት በኋላ ደግሞ በዚያው አካባቢ፥ በደጃዝማች ውቤ አጥናፍሰገድ ስም የተጠራው ውቤ በረሃ ስለ ጠጁ፥ ስለ ሙዚቃውና ስለ ሴቶቹ ገነነ። ስብሐት ገብረ እግዚአብሔር «ሌቱም አይነጋልኝ»ን የጻፈው ስለዚያ ሌሊት ነው። በጥሩ ድርሰትነቱ አንከራከርም። ነገር ግን ውቤ በረሃን የሚያነሣ ሁሉ ሌሊቱን ብቻ ሲያነሣ፥ ከጊዮርጊስ ደጅ በእግር በማይርቅ ሰፈር ጥቂት ዓመት ቀደም ብሎ ሌላ ሌሊት እንደ ነበረ፥ ሰማዩም በሙዚቃ ቤት መብራት ሳይሆን በሚቃጠል የሣር ቤት እንደ ቀላ የሚያስታውስ ደራሲ አላገኘንም። በዚያ ሰፈር ጠጅ ቤት ከከፈቱት፥ በዚያም ሲያመሹ ከነበሩት መካከል ከፍጅቱ የተረፉ ስንት ይሆኑ? ጠይቆ የጻፈው የለም።

ናንጂንግም የቁጥር ክርክር አልቀረላትም። በ1939 ዓ.ም በዚያው የተቀመጠው ችሎት የሟቹን ቁጥር ከ300,000 በላይ አደረገው፤ የቶኪዮው ዓለም አቀፍ ፍርድ ቤት በ1941 ዓ.ም ከ200,000 በላይ አለ፤ ከጃፓን የታሪክ ሊቃውንት ከዚህ እጅግ ዝቅ የሚያደርጉ አሉ። ቢሆንም እዚያ ችሎት ነበረ። ጦሩን ያዘዘው ማትሱዪ ኢዋኔ በስቅላት ተቀጣ፤ ምስክሮች በስማቸው ተጠርተው ቃላቸውን ሰጡ፥ ቃሉም በመዝገብ ተጻፈ። ኢትዮጵያም ባዶግሊዮንና ግራዚያኒን ጨምሮ የዐሥር ሰዎችን ስም ለተባበሩት መንግሥታት የጦር ወንጀል ኮሚሲዮን አቅርባ ነበር፤ አንዱም ለፍርድ አልቀረበም። ግራዚያኒ በ1942 ዓ.ም በአገሩ 19 ዓመት እስራት ቢፈረድበት ከጀርመኖች ጋር ስለ ተባበረ ነው እንጂ ስለኛ አይደለም፤ ከፍርዱም በኋላ በጥቂት ወራት ተፈታ። የዚህን ጕዳት ብዙ ሰው የሚያየው ወንጀለኛው በማምለጡ ነው። በኛ አሳብ ሌላ ጕዳት አለበት፤ ችሎት ስላልነበረ ምስክር አልተጠራም፥ ምስክር ስላልተጠራ የሟች ስም አልተጻፈም።

በናንጂንግ በ1977 ዓ.ም የተከፈተው የመታሰቢያ ቤት 300,000 የሚለውን ቁጥር በትልቁ ጽፎታል። ከዚያው ግቢ ግን የሟቾች ስም የተቀረጸበት ግድግዳ አለ፤ መጀመሪያ 3,000 ስም ነበረ፥ በየጊዜው እየተጠየቀና እየተጣራ ሲጨመር ከ10,000 አልፏል። በሁለቱ ቁጥሮች መካከል ያለው ርቀት ለማንም የተሰወረ አይደለም፤ አልደበቁትምም። እኛ በስድስት ኪሎ አውጉስቲንቺችና ክርሺኒች የተባሉት የዩጎዝላቪያ ቀራጮች የሠሩት ሐውልት አለን፤ የነሐስ ምስሎቹ ግድያውንና ኀዘኑን በሚገባ ያሳያሉ። በየዓመቱ የአበባ ጕንጕን ይቀመጥበታል። የቀራጮቹን ሥራ አንነቅፍም፤ ፊት ቀርጸዋል፥ የፊቱን ባለቤት ግን ማን ይንገራቸው?

ስም የሚገኝበት ስፍራ ፈጽሞ ጠፍቷል ማለት አይቻልም። በየቤቱ ዳዊት ኅዳግ ላይ ልደትና ሞት የሚጻፍበት ልማድ ነበረ። በየአጥቢያው ለየካቲት ሙታን ጸሎት ያሳሰቡ ቤተሰቦች ነበሩ። አያቱ በዚያን ቀን እንደ ወጣ መቅረቱን ከእናቱ የሰማ ሰው በአራዳ ብርቅ አልነበረም። ይሁንና እንዲህ ያለው ወሬ የሚኖረው ሰፈር ሲኖር ነው፤ አንዱ የጀመረውን ጎረቤቱ ይጨርሰዋል፥ ሌላው «የለም፥ ያ የእገሊት ባል ነው» ብሎ ያርመዋል። በ2016 ዓ.ም በኮሪደር ልማቱ ሥራ ዶሮ ማነቂያና የፒያሳ ብዙ አሮጌ ቤቶች ፈርሰው ነዋሪዎቹ ወደ ከተማዋ ዳርቻ ሲዛወሩ፥ ስለ ካሣውና ስለ አዲሱ መኖሪያ ብዙ ተብሏል። ጎረቤታሞቹ አንዱ በአንድ ዳር ሌላው በሌላ ዳር ሲሰፍሩ ግን ይህ ወሬ እንደምን እንደሚሆን ሲነገር አልሰማንም። ዳዊቱ ከባለቤቱ ጋር በጭነት መኪና ሄዷል፤ ያነበበው ተማሪ እስካሁን የለም።