የሳሊንጀር ደብዳቤዎች የማን ናቸው?

አሜሪካዊው ደራሲ ጄ.ዲ. ሳሊንጀር ሰው የሸሸ ሰው ነበር ይባላል። እውነት ነው፤ ሙሉው እውነት ግን አይደለም። «ዘ ካቸር ኢን ዘ ራይ» የተሰኘው ልብ ወለዱ እ.ኤ.አ. በ1951 ታትሞ ስሙ ሲገን፣ በ1953 ኒው ሃምፕሻየር ውስጥ ኮርኒሽ ወደምትባል የገጠር ከተማ ገባ። ከ1965 በኋላ አዲስ ሥራ አላሳተመም። ጋዜጠኛ እንደ ጦር እየፈራ ኖሮ በ2010 በ91 ዓመቱ አረፈ። ደብዳቤ ግን ይጽፍ ነበር፣ እሱ ለመረጠው ሰው!

ከመረጣቸው አንዱ ማንም የማያውቀው እንግሊዛዊ ነው። የተዋወቁት ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በፊት፣ በወጣትነታቸው፣ ቪየና ላይ ነበር። ሸምግለው እንደገና ተጻጻፉ። ሃምሳ ያህል ደብዳቤዎች በ2011 በኢስት አንግሊያ ዩኒቨርሲቲ በኩል ይፋ ሲሆኑ ጋዜጦች ተሻሙባቸው። ምን ተገኘ? ሰውዬው የበርገር ኪንግ ሃምበርገር ይወዳል፣ በአውቶቡስ ናያግራ ፏፏቴን ሊያይ ሄዷል፣ ቲም ሄንማን ቴኒስ ሲጫወት ይከታተላል። «በቃ ይኸው ነው?» ያሉ አልጠፉም። ምን ጠብቀው ኖሯል? ሰው ለጓደኛው የሚጽፈው ስለ ሆዱና ስለ ጉዞው ነው እንጂ ስለ ሥነ ጽሑፍ ንድፈ ሐሳብ አይደለም። እኔን የገረመኝ ሌላ ነው፤ ሁለቱም እስኪያልፉ ድረስ ወረቀቱ አደባባይ አልወጣም።

ታዲያ ይህን ታማኝነት አይተን ሌላዋን ለመውቀስ አንቸኩል። በ1972 ሳሊንጀር የ53 ዓመት ሰው ሳለ፣ በጋዜጣ መጽሔት ላይ ጽሑፏን ላነበበላት የ18 ዓመት ተማሪ ለጆይስ ሜናርድ ደብዳቤ ላከ። ደብዳቤ ደብዳቤን ወለደ። ልጅቷ ዩኒቨርሲቲዋን ትታ ኮርኒሽ ገባች፤ ከወራት በኋላም ተሰናበተች። በ1999 አሥራ አራቱን ደብዳቤዎች በጨረታ ብትሸጥ (156,500 ዶላር አወጡ፤ የገዛቸው ሰው ለደራሲው ልመልስ ብሎ ነው የገዛው) የስድብ ዶፍ ወረደባት። ከዳች፣ ምስጢር ሸጠች ተባለ። ምስጢሩ ግን የማን ነበር? እንግሊዛዊው ዝም ያለው ለእኩያው፣ ለወዳጁ ነው። እሷን በዚያው ብዕር ከትምህርት ገበታዋ ላነሳት ሰው የዕድሜ ልክ ዝምታ ባለዕዳ ያደረጋት ማን ነው? ብቸኝነት መብት ነው፤ ሌላውን አፍ ማስያዣ ሲሆን ግን ስሙ ይለወጣል።

እኛ ዘንድ እንኳ ደብዳቤ የአንድ ሰው ብቻ ሆኖ አያውቅም ነበር። ፊደል የቆጠረ ልጅ ተጠርቶ፣ ጎረቤት ተሰብስቦ፣ ቡና እየተጠጣ ይነበብ ነበር። የአሜሪካ ሕግ ግን ነገሩን ለሁለት ሰንጥቆታል። ሳሊንጀር ደብዳቤዎቹን ሊጠቀም የነበረ የሕይወት ታሪክ ጸሐፊን ከስሶ በ1987 ሲረታ፣ ወረቀቱ የተቀባዩ፣ ቃሉ የጸሐፊው መሆኑ ጸና። ሜናርድ ወረቀቱን እንጂ ቃሉን ያልሸጠችውም ለዚህ ነው። ደራሲው ከሞተ በኋላ ሕጉ ለ70 ዓመት ስለሚጠብቅለት፣ የሃምበርገሩን ደብዳቤ ሙሉውን ማተም የሚፈልግ ሰው እስከ 2080 መጨረሻ ድረስ የወራሾቹን በር ማንኳኳት አለበት።