ያለ ጭቃ የቆመ ካብ

በምዕራብ ሜልበርን፣ በትሩጋኒና፣ በአዳዲስ ቤቶችና በትልልቅ መጋዘኖች መካከል ቦታው ገጠር በነበረበት ዘመን የተካበ የድንጋይ ካብ እዚህም እዚያም ይታያል። በመኪና ለሚያልፍ ሰው ተራ የድንጋይ ክምር ይመስላል። ወርዶ ቀረብ ላለ ግን እያንዳንዱ ድንጋይ ታስቦበት የተቀመጠ ነው። ጭቃ የለበትም፣ ኖራ የለበትም፣ ሲሚንቶ የለበትም። በዚህ ሰፈር ካየሁት የእጅ ሥራ ሁሉ ይህን አስበልጣለሁ።

ድንጋዩ የተገኘው ከዚያው ከመሬቱ ነው። ትሩጋኒና ያረፈችው እሳተ ገሞራ የተፋው ቅልጥ ዓለት ባነጠፈው ሜዳ ላይ ነው፤ የአትኪንሰን ኮረብታም የዚያው እሳተ ገሞራ ቅሪት ነው። አፈሩ ስስ፣ ጥቁር ድንጋዩ ብዙ፣ ዛፉ ጥቂት ነበር። ሜዳው የኩሊን ሕዝቦች አገር ሲሆን፣ አውሮፓውያን በ1830ዎቹ (ዘመኑ ሁሉ በእነሱ አቆጣጠር ነው) በጎቻቸውን እየነዱ ገቡበት። ሰፈሩ ስሙን ያገኘው በ1876 ካረፈችው ከታዝማኒያዋ ተወላጅ ከትሩጋኒኒ ነው። በተለይ ከ1850ዎቹ እስከ 1880ዎቹ ገበሬውም፣ ከስኮትላንድ፣ ከአየርላንድና ከእንግሊዝ የመጣው ባለሙያም ድንጋዩን እየለቀመ ካበው። ማሳው ጸዳ፣ ከብቱም ታጠረ። የአጥር ሽቦ ሲረክስ ሙያው ቀዘቀዘ።

ሥራው ከታች ይጀምራል። ልል አፈር ተጠርጎ ትልልቆቹ ድንጋዮች በጠንካራ መሬት ላይ ይቀመጣሉ። ከዚያ ጎን ለጎን ሁለት ግድግዳ ይነሣል፤ ከፍ ባሉ ቁጥር እርስ በርስ ስለሚጠጋጉ ካቡ ከታች ሰፊ፣ ከላይ ጠባብ ይሆናል። ክብደቱም ወደ ውጭ ሳይሆን ወደ ውስጥ ይጫናል። በሁለቱ መካከል ያለው ክፍተት በትናንሽ ድንጋይ ይሞላል። ይህን ማንም አያየውም፤ የባለሙያው ታማኝነት የሚለካው ግን እዚህ ላይ ነው። ጠጠሩን አንድ በአንድ አጥብቆ ያልሸጎጠ ሰው የሠራው ካብ ቶሎ ሆዱ ይነፋል፣ ውሎ አድሮም ይናዳል።

በአንዱ ካብ ፊት ቆሜ መጋጠሚያዎቹን በዓይኔ ተከተልኋቸው። ሁለት ድንጋዮች በተጋጠሙበት ላይ ሦስተኛው ተጭኗል፤ ከላይ እስከ ታች ቀጥ ብሎ የወረደ ክፍተት አላገኘሁም። የድንጋዩ ረጅም ጎን ወደ ውስጥ ገብቷል፤ ለዓይን የቀረው አጭሩ ፊት ነው። ረጅሙን ጎን ወደ ውጭ ቢያዞረው ኖሮ በአንድ ቀን ብዙ ርዝመት ይክብ ነበር፤ ባለሙያው ግን ጥንካሬን መረጠ። አልፎ አልፎ ከፊት እስከ ኋላ የሚዘልቅ ድንጋይ ሁለቱን ግድግዳዎች ያስራል። አናቱ ላይ ከባድ ድንጋዮች በጎናቸው ተደርድረው ሁሉንም ተጭነው ይዘዋል። የዚህ አካባቢ ድንጋይ ድቡልቡል ስለሆነ እንደ ጠፍጣፋ ድንጋይ በቀላሉ አይነባበርም። ለእያንዳንዱ የሚስማማውን ቦታ መርጦ ማስቀመጥ ከጉልበት ይልቅ የዓይን ሙያ ነው።

ይህን ሙያ እኛም እናውቀዋለን። ኮንሶዎች መንደሮቻቸውን ከአንድ እስከ ስድስት ዙር በሚደርስ ደረቅ ካብ አጥረዋል፣ ተራራውንም በእርከን ይዘዋል፤ ዩኔስኮ መልክዓ ምድራቸውን በ2011 በዓለም ቅርስነት መዝግቦታል። በ2018 ደግሞ የስምንት አገሮችን የደረቅ ካብ ጥበብ በማይዳሰስ ቅርስነት መዝግቧል። እጅና ዕውቀት ከሌለ ድንጋዩ ብቻውን ካብ አይሆንምና፣ ምዝገባው ተገቢ ነው።

ጃንዋሪ 8 ቀን 1969 የተነሣው ሰደድ እሳት የትሩጋኒናን ቤቶችና ትምህርት ቤቱን በልቷል። ዛሬ ካቡን የሚያሰጋው ግን እሳት ሳይሆን ግንባታ ነው፤ በ2021 የሕዝብ ቆጠራ የሰፈሩ ነዋሪ ከ36 ሺህ በልጧል። አብዛኛው ክፍል በዊንድሃም፣ ቀሪው በሜልተን ማዘጋጃ ቤት ሥር ነው። በቪክቶሪያ የፕላን ደንብ መሠረት፣ በየማዘጋጃ ቤቱ ዝርዝር በተካተተ መሬት ላይ ከ1940 በፊት የተሠራ ደረቅ ካብ ያለ ፈቃድ አይፈርስም፣ አይነሣም፣ አይለወጥም።

ደንቡ መልካም ነው፤ የሚጠብቀው ግን ነዋሪው ነው። በዚያ አካባቢ ቦታ የምትገዙ፣ ቤት የምትሠሩ ወገኖቼ፣ ካብ ካገኛችሁ ከመንካታችሁ በፊት ማዘጋጃ ቤቱን ጠይቁ። ለጓሮ ማስጌጫ ብላችሁ ከአናቱ አንዲት ድንጋይ አታንሡ፤ የታችኞቹን የያዘችው እሷ ናት። ልጆቻችሁንም ወስዳችሁ ከቅርብ አሳዩአቸው፤ ጥሩ ሥራ ምን እንደሚመስል ይማሩበታል።