ከግብር መዝገብ ወደ ዳኝነት ወንበር

አሜሪካዊውን ሮበርት ጃክሰንን ዓለም የሚያውቀው የናዚ መሪዎች በተዳኙበት በኑረምበርግ ችሎት ዐቃቤ ሕግነቱ ነው። እኔ ይበልጥ የምወደው የግብር ጠበቃውን ጃክሰን ነው። የሕግ ዲግሪ ሳይኖረው፣ ሙያውን በአብዛኛው ከጠበቃ ቢሮ ቀስሞ ጄምስታውን በምትባል ከተማ ጥብቅና የቆመ ሰው፣ እ.ኤ.አ. በ1934 የአሜሪካ የአገር ውስጥ ገቢ መሥሪያ ቤት ዋና የሕግ አማካሪ ሆነ። ብዙም ሳይቆይ የቀድሞውን የገንዘብ ሚኒስትር፣ ከበርቴውን አንድሩ ሜለንን፣ በግብር ተሟገተው። የማጭበርበሩ ክስ ባይጸናም ሜለን ያልከፈለው ግብር እንዳለበት ተወሰነ። ለእንዲህ ዓይነቱ ሙግት ሒሳብን ገጽ በገጽ የሚመረምር ትዕግሥት ያስፈልጋል፤ ድፍረትም።

በ1941 ፕሬዚዳንት ሩዝቬልት የጠቅላይ ፍርድ ቤት ዳኛ አድርጎ ሾመው። በ1943 በዶብሰን ጉዳይ በጻፈው ፍርድ፣ የግብር ፍርድ ቤት መርምሮ የደረሰበትን ድምዳሜ የበላይ ፍርድ ቤቶች እንዲያከብሩ አዘዘ። ልቤን የሚነካው ይህ ነው፦ ግብርን ጠንቅቆ የሚያውቅ ዳኛ፣ እውቀቱን የራሱን ፍርድ ቤት ሥልጣን ለመገደብ አዋለው። በዚያው ዓመት ተማሪዎችን ለባንዲራ ሰላምታ እንዲሰጡ ማስገደድ ሕገ መንግሥቱን እንደሚጥስ የበየነው ፍርድም የተጻፈው በእሱ ብዕር ነው። የዶብሰንን መርሕ ኮንግረስ በ1948 በሕግ ሽሮታል፤ እኔ ግን አሁንም ትክክል ነበር እላለሁ።