ድምፅና ክታብ፤ «የፊደል ኃይል» በሚባለው ትምህርት ላይ የቀረበ ሒስ

የሰውን ድምፅ ከክታብ ጽሕፈት ጋራ አያይዞ አንድ ራሱን የቻለ ጥበብ አድርጎ የሚያስተምር ወገን ከጥንት ጀምሮ አለ። ዐረቦች ዒልመ ሑሩፍ፥ ይኸውም የፊደላት ዕውቀት ይሉታል፤ በ13ኛው መቶ ዓመት ያረፈው የአልቡኒ ስም ከዚህ ጋራ ይጠራል። በኢትዮጵያም አንዳንድ ደብተሮች በአስማት ጸሎትና በዐውደ ነገሥት ይህንኑ የመሰለ ነገር ይዘው ኖረዋል። የትምህርቱ ፍሬ ነገር፥ እያንዳንዱ ፊደል የራሱ ድምፅ፥ ድምፁም የራሱ ኃይል አለው የሚል ነው። አነጋገሩ ለጆሮ ያማረ ነው። ሆኖም መመርመር ይገባዋል፤ ለመመርመርም በሳውዲ ዓረቢያ ምሥራቃዊ ክፍል ካሉት ከደማምና ከኾበር የተሻለ ስፍራ በቀላሉ አይገኝም፤ በዚያ አማርኛና ዐረብኛ በአንድ ገበያ ይገናኛሉና።

ግእዝ ሀ፥ ሐ፥ ኀ የተባሉ ሦስት ፊደላት አሉት፤ አማርኛ ተናጋሪ ግን ሦስቱን በአንድ ድምፅ ይጠራቸዋል። አ እና ዐ፥ ሰ እና ሠ፥ ጸ እና ፀም እንዲሁ ሆነዋል። የኾበር ነጋዴ ሦስቱን ለይቶ ይናገራል፤ የከተማው ስም ራሱ በኀ ይጀምራል። ይህን የሰማ ሰው «እንግዲያስ የፊደሉን ኃይል የጠበቁት ዐረቦች ናቸው» ቢል ችኰላ ይሆንበታል። በዚያው ባሕር ዳር ቃፍ ብዙ ጊዜ ገ ሆኖ ይነገራል፤ ካፍ በአንዳንድ ቃል ቸ ይሆናል፤ ጂም በብዙ አፍ የ ነው፤ ከቀጢፍ ነባር ሰዎችም ምላስን በጥርስ መካከል አድርጎ የሚነገረውን ድምፅ ፈ የሚያደርጉት አሉ። ጽሕፈቱ ሳይለወጥ አፉ ተለውጧል። ታዲያ ኃይሉ ያለው በየትኛው ድምፅ ነው?

ቍጥሩም አያድንም። በዐረብ አቆጣጠር ሲን በምሥራቅ 60 ሲሆን በምዕራብ 300 ነው፤ ሺን በዚያ 300፥ በዚህ 1000 ነው። በዐውደ ነገሥትም የሰውና የእናቱ ስም ተቈጥሮ በ12 ይገደፋል፤ ነገር ግን «ኃይሉ» በኀ ሲጻፍና በሀ ሲጻፍ ድምፁ አንድ ሲሆን ቍጥሩ ሌላ ይሆናል። ዐረብኛ ጰ እና ጨ የተባሉት ድምፆች የሉትምና፥ ጴጥሮስ የተባለ ሰው በደማም የመኖሪያ ፈቃዱ ላይ በባ ይጻፋል። ኮከቡም በዚያ ተለወጠ ሊባል ነው?

ከሁሉ ይልቅ የሚያስተምረው የአምስቱ ቅንዋት ስም ነው። ሳዶር፥ አላዶር፥ ዳናት፥ አዴራ፥ ሮዳስ የተባሉት መነሻቸው ሳቶር፥ አሬፖ፥ ቴኔት፥ ኦፔራ፥ ሮታስ የሚሉት የላቲን ቃላት ናቸው፤ ጽሕፈቱ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ79 በእሳተ ገሞራ በጠፋችው በፖምፔ ግድግዳ ላይ ተገኝቷል። በላቲኑ አምስቱ ቃላት በአምስት መስመር ሲደረደሩ ከላይም ከታችም፥ ከግራም ከቀኝም አንድ ሆነው ይነበባሉ፤ ጥበባቸው ሁሉ በዚህ አደራደር ላይ ነበር። ከአፍ ወደ አፍ ሲተላለፉ አደራደሩ ፈርሶ ግእዙ ስሞቹን ብቻ ተቀበለ። በዚያ ትምህርት ሚዛን ቢመዘኑ ኃይላቸውን ያጡ ስሞች ናቸው። ምእመናን ግን እስከ ዛሬ ያከብሯቸዋል፤ የሚያከብሯቸውም የጌታን ሕማም ስለሚያሳስቡ እንጂ ስለ ዶ እና ስለ ዳ ድምፅ አይደለም።

ድምፅንና ጽሕፈትን በእውነት የሚያገናኝ ትምህርት በንባብ ቤት አለ። ተነሽ፥ ተጣይ፥ ወዳቂ፥ ሰያፍ እያለ የሚያርመው መምህር ሠረቀ (ወጣ) ከሰረቀ (ሌባ ሆነ)፥ መሐረ (ይቅር አለ) ከመሀረ (አስተማረ) እንዳይደባለቅ ይጠብቃል። ይህ ትርጕምን የሚጠብቅ ሥራ ነው፤ ምሥጢር የለበትም። ከጁበይል በስተ ምዕራብ በታጅ የተገኙት የጥንት የመቃብር ድንጋዮችም የግእዝ ፊደል በተወለደበት በሳባውያን ጽሕፈት ተቀርጸው ሳለ የሚናገሩት «የእገሌ ልጅ የእገሌ መቃብር» እያሉ ነው፤ መቃብር የሚለው ቃልም ከግእዙ ጋራ ሥሩ አንድ ነው። ድንጋዩ የተጻፈው ስም እንዳይረሳ ነው።

ክታቡስ? ብዙ ጊዜ ብራናው በባለቤቲቱ ቁመት ልክ ተቈርጦ፥ የክርስትና ስሟ ገብቶበት፥ በቆዳ ይሰፋል፤ ከተሰፋ በኋላ የሚያነበው የለም። ድምፅ ኃይል ነው የሚሉት ሰዎች ድምፅ በሌለበት ዘግተውታል። ይህም በቃል ክርክር ብቻ የሚቀር አይደለም። በሳውዲ ዓረቢያ አስማት ወንጀል ነው፤ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2009 የሃይማኖት ፖሊሱ አስማትን የሚከታተል ልዩ ክፍል አቋቁሞ ነበር። ለቤት ሥራ ወደ ደማም የምትሄድ ሴት በአንገቷ ያሰረችው፥ አሠሪዋ በማያውቀው ፊደል የተጻፈ ጥቅል ቢገኝባት ተከሳሽ ልትሆን ትችላለች። ዋጋውን ተቀብሎ የጻፈላት ሰው ያን ቀን በአጠገቧ አይገኝም።