«ከአድማስ ባሻገር»ን በልደታ ስናነብ

ስለ ኪነ ጥበብ የሚናገሩ መጻሕፍት በአማርኛ ተጽፈው ስናገኝ፣ የሚበዙት የአሠራሩን ዘዴ የሚያስተምሩ ናቸው። አቶ ደበበ ሰይፉ በ1973 ዓ.ም. ያሳተሙት «የቴአትር ጥበብ ከጸሐፌ ተውኔቱ አንጻር»ና አቶ ዳኛቸው ወርቁ በ1977 ዓ.ም. ያቀረቡት «የጽሑፍ ጥበብ መመሪያ» ለመምህርም ለተማሪም የሰጡት ጥቅም ከፍ ያለ ነው። ነገር ግን «እንዴት ይጻፋል?» ከሚለው ጥያቄ በፊት «ምን ሊጻፍ ይገባዋል?» የሚል ሌላ ጥያቄ አለ። ይህ ጥያቄ የጥበብ ፍልስፍና ጥያቄ ነው። እኛ ጥያቄውን ሕይወት ለብሶ ያገኘነው ከመማሪያ መጽሐፍ ይልቅ በአንድ ልብ ወለድ ውስጥ ነው፤ ይኸውም አቶ በዓሉ ግርማ በ1962 ዓ.ም. ያወጡት «ከአድማስ ባሻገር» ነው።

የመጽሐፉ ዋና ሰው አበራ ወርቁ የመንግሥት ሠራተኛ ነው። ዘመዶቹ በሥራው ጸንቶ፣ ትዳር ይዞ፣ እንደ ሰው እንዲኖር ይሻሉ፤ የእርሱ ልብ ግን ወደ ጥበብ ያዘነብላል። በእንጀራውና በምኞቱ መካከል ተወጥሮ ሲንገላታ ቆይቶ መጨረሻው አሳዛኝ ይሆናል። ደራሲው ራሳቸው በማስታወቂያ ሚኒስቴር የሠሩ፣ «መነን» መጽሔትንና «አዲስ ዘመን» ጋዜጣን ያዘጋጁ ሰው ስለ ነበሩ፣ ጠረጴዛ ላይ ፋይል ዘርግቶ ልቡ ሌላ ስፍራ የሚንከራተተውን ሰው ጠንቅቀው ያውቁታል። «ኦሮማይ» ከታተመ በኋላ በየካቲት ወር 1976 ዓ.ም. ከቤታቸው እንደ ወጡ አለመመለሳቸውን ስናስብ፣ ለጥበብ የሚከፈለው ዋጋ ለእርሳቸው የልብ ወለድ ነገር ብቻ እንዳልነበረ እንረዳለን።

የመጽሐፉ አንዱ ታላቅ ምስጋና ከተማን ለመውቀስ ወይም ለማወደስ አለመነሣቱ ነው። ከእርሱ በፊት ደጃዝማች ግርማቸው ተክለ ሐዋርያት በ1941 ዓ.ም. ባወጡት «አርአያ»፣ ከባሕር ማዶ ተምሮ የመጣው ወጣት በዋና ከተማው ተስፋ ሲቆርጥ እናያለን፤ ከተማው ሰው የሚፈተንበት ስፍራ ነው። በ«ከአድማስ ባሻገር» ግን የተማሩት ሰዎች የከተማው ልጆች ናቸው። መጠጣቸው፣ ክርክራቸው፣ ፍቅራቸው፣ ብቸኝነታቸውም ሁሉ የራሳቸው ነው።

ይሁን እንጂ አንድ ነቀፌታ እንሰነዝራለን። አበራ ጥበብን የሚፈልጋት፣ የመጽሐፉ ርእስ እንደሚያመለክተው፣ ከአድማስ ወዲያ ነው። ቢሮውን እንደ እስር ቤት፣ ዘመዶቹንም እንደ ሰንሰለት ስለሚቈጥራቸው፣ ሊሣሉና ሊጻፉ የሚገባቸው እነርሱ ራሳቸው መሆናቸው አይታየውም። ሻርል ቦድሌር የተባለው የፈረንሳይ ባለቅኔ፣ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1863 ዓ.ም. ስለ ዘመናዊ ሕይወት ሠዓሊ በጻፈው ድርሰት፣ ከጥበብ እኩሌታው ዘላለማዊ፣ እኩሌታው ደግሞ አላፊና ዕለታዊ መሆኑን አስረድቷል። ስለዚህ ሠዓሊው ከመንገዱ ሕዝብ መካከል ገብቶ ልብሱንና አካሄዱን፣ ሁካታውንም እንዲመለከት ይሻል። አበራ ዘላለማዊውን ሲያሳድድ አላፊው አመለጠው ብንል ስሕተት አይመስለንም።

አላፊውን ነገር በትጋት የተከተሉት አቶ ስብሐት ገብረ እግዚአብሔር ናቸው። የኤሚል ዞላ መጻሕፍት አንባቢ የነበሩት እኚህ ደራሲ፣ በ«ሌቱም አይነጋልኝ» የውቤ በረሃን የሌሊት ሕይወት፣ የሴቶቹን አነጋገር ሳያቃኑ አቅርበዋል። በዚህ ምክንያት መጽሐፉ ሳይታተም ብዙ ዘመን ቆየ። እኛ ግን የአቶ ስብሐትን ጆሮ እናደንቃለን። ቅር የሚያሰኘን መጽሐፉ ሌሊቱን ብቻ መያዙ ነው። በማግሥቱ ውሃ ለመቅዳት ቧንቧ ላይ የሚሰለፈው ሕዝብ በዚያ መጽሐፍ ውስጥ ስፍራ የለውም።

ይህን የምንለው ያለ ምክንያት አይደለም። እኛ ያደግነው በልደታ ነው። ግንቦት 1 ቀን፣ በልደታ ለማርያም በዓል፣ ጎረቤቱ ሁሉ ንፍሮ ቀቅሎ፣ ቡና አፍልቶ፣ ከደጅ ተሰብስቦ ይመርቅ ነበር። በ2000ዎቹ ዓ.ም. መጀመሪያ ግን የጭቃ ቤቶቹ ፈረሱ፤ በስፍራውም የጋራ መኖሪያ ሕንጻዎችና ሰፋፊ መንገዶች ተሠሩ። ቤቶቹ ያረጁ፣ ንጽሕና የጐደላቸው ስለ ነበሩ መታደሱን አንቃወምም። የሚያሳዝነን ያ ግቢ ምን ይመስል እንደ ነበር ለልጆቻችን ለማሳየት መጽሐፍ ስንፈልግ፣ እጃችን ባዶ መቅረቱ ነው።

አፍላጦን «ፖለቲያ» በተባለው መጽሐፉ በአሥረኛው ክፍል ሠዓሊን ይከሳል። የአልጋው እውነተኛ ሐሳብ አንደኛ፣ አናጢው የሠራው አልጋ ሁለተኛ፣ የሠዓሊው ሥዕል ግን ከእውነት የራቀ ሦስተኛ ነው ይላል። እኛ ግን ለአፍላጦን አንድ ጥያቄ እናቅርብ፤ አልጋው ከነቤቱ ከፈረሰ በኋላስ ሥዕሉ ስንተኛ ነው? አናጢውም አልጋውም በሌሉበት ዘመን፣ ወደ እውነት የሚያደርሰን መንገድ ያ የናቀው ሥዕል ብቻ ይሆናል።

«ፋይልና ፎቶግራፍ አለ አይደለም ወይ?» የሚለን አንባቢ ይኖራል። እኛም በመዝገብ ቤት ውለን የምናድር ስለሆንን የፋይልን ጥቅም አንክድም። ፋይል የቤቱን ቊጥርና ስፋት፣ የተከፈለውንም ካሣ ይይዛል። ነገር ግን አንዲት አሮጊት ከዕድራቸው ተለይተው ወደ ሩቅ ሰፈር ሲሄዱ «እንግዲህ ማን ይቀብረኛል?» ብለው የተጨነቁትን ጭንቀት የሚጽፍበት ዓምድ የለውም። ቶልስቶይ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1898 ዓ.ም. «ጥበብ ምንድን ነው?» በሚለው መጽሐፉ፣ ጥበብ አንዱ የተሰማውን ስሜት ወደ ሌላው የሚያሸጋግርበት ሥራ ነው ይላል። ያን ጭንቀት ላልነበረበት ሰው የሚያሸጋግረው ይህ ብቻ ነው።

እንግዲህ አበራ ወርቁን የመሰሉ ሠራተኞች ዛሬም በየቢሮው አሉ፤ ከአንባቢዎቻችንም መካከል ይኖራሉ። ለእነርሱ የምናቀርበው ምክር፣ ለመጻፍ ሲሉ ሥራቸውን እንዲለቁ አይደለም። ከምሳ ሰዓታቸው ጥቂት ቀንሰው የሚያውቁትን አንድ ግቢ፣ የሰዎቹን አነጋገርና የቧንቧውን ወረፋ ሳይቀር፣ በወረቀት ላይ ያስፍሩ። መምህራንም ለድርሰት ትምህርት «የከተማ ጥቅምና ጉዳት» የሚለውን የተለመደ ርእስ ለጊዜው ትተው፣ ተማሪዎቻቸው የግንቦት ልደታ በሰፈራቸው እንዴት እንደሚውል ጽፈው እንዲያመጡ ቢያዝዙ መልካም ነው። ሰፈሩ ገና ሳይፈርስ ይህ ቢደረግ ደግሞ የበለጠ ይሆናል።